በአዲስ ዓመት ማታ የታየው ፊልም



ከእኛ ከመራዊ ወደ ባሕር ዳር የሄደ ሰው በቤዛዊት ኮረብታ ላይ ለቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ የተሠራውን ቤተ መንግሥት ያውቀዋል። ንጉሡ በሌሉበት ቦታ ሁሉ እንዲህ ያለ ነገር ስለ እነርሱ ይናገር ነበር። መልካቸው በብሩና በሳንቲሙ ላይ ነበር፤ በየትምህርት ቤቱም ይሰቀል ነበር። በ1948 ዓ.ም. የወጣው የተሻሻለው ሕገ መንግሥት ደግሞ አካላቸውን ቅዱስ፣ ሥልጣናቸውን የማይገሰስ አድርጎ ደነገገው።

ይህን ሁሉ ዘመን የተገነባ ምስል በአንድ ማታ ያፈረሰው ፊልም ነው። በ1965 ዓ.ም. ወሎ በረሀብ አለቀ፤ ከሟቾቹም ብዙዎቹ ሙስሊም ወገኖቻችን ነበሩ። መንግሥት ነገሩን ሸፈነው። እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ ያነሣው ፊልም ግን በጥቅምት 1966 በእንግሊዝ አገር ታየ። ደርግ ይህንኑ ፊልም ወስዶ በመካከሉ የቤተ መንግሥትን ግብዣና ሥጋ የሚጎርሱትን የንጉሡን ውሾች አስገባበት፤ መስከረም 1 ቀን 1967 ማታም በቴሌቪዥን አሳየው። በማግሥቱ ንጉሡ ከዙፋናቸው ወርደው በቮልስዋገን ተወሰዱ።

እስቲ እናስተውል። ረሀቡ እውነት ነው፤ ግብዣውም እውነት ነው። ነገር ግን ሁለቱ የተነሡት በአንድ ቀን፣ በአንድ ቦታ አይደለም፤ ጎን ለጎን ያስቀመጣቸው የቆራጩ መቀስ ነው። ሱረቱል ሑጁራት የመጣልንን ወሬ እንድናጣራ ያዘናል፤ ምስልም ወሬ ነው።

ይህን የምጽፈው ለንጉሡ ጥብቅና ለመቆም አይደለም። በሒጅራ 18ኛው ዓመት መዲናና አካባቢዋ በድርቅ በተመቱ ጊዜ ኸሊፋ ዑመር (ረ.ዐ.) ሕዝቡ እስኪጠግብ ድረስ ቅቤና ወተት አልቀምስም ብለው በዘይት ኖሩ፤ ፊታቸውም ጠቆረ። እንዲህ ያለውን ገዥ የትኛው መቀስ ያዋርደዋል? የኛው ንጉሥ ወሎን ደብቀው ስለ ነበር ለመቀሱ ራሳቸው ጨርቁን አቀበሉት።

የሚያሳዝነኝ የወሎ ሰው ነው። መጀመሪያ ተደበቀ፤ ኋላ ለሥልጣን ሲፈለግ ታየ። በመስከረም 1977 ደርግ ዐሥረኛ ዓመቱን በአዲስ አበባ በታላቅ ድግስ ሲያከብር ወሎና ትግራይ እንደገና ተርበው ነበር፤ ወሬውም እንደገና ታፍኖ ነበር። በጥቅምት ወር የቢቢሲ ጋዜጠኞች ከቆረም ያነሡት ፊልም ዓለምን አስደነገጠ። በዚያን ጊዜ ግን የበዓሉን ድግስና የቆረምን ሬሳ አጣምሮ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ያሳየ ማንም አልነበረም።