ሃምሳ ደቂቃ አለቃ፣ አሥር ደቂቃ ሙሽራ

አሊሰን ድሬክ ከአባቷ የወረሰችውን ትልቅ የመኪና ፋብሪካ የምትመራ ወጣት ከበርቴ ናት። ስብሰባ ትመራለች፣ ስልክ ላይ ትእዛዝ ትሰጣለች፤ ዙሪያዋን ከበው የሚያዳምጧት ሁሉ ወንዶች ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1933 ዋርነር ብራዘርስ «ፊሜል» በሚል ርእስ ላወጣው የፍቅር ፊልም የተፈጠረች ገጸ ባሕርይ ናት። ፊልሙ አንድ ሰዓት ያህል ብቻ ይፈጃል። ሆሊውድ በሴት ሥልጣን ላይ የነበረውን ድፍረትም ፍርሃትም በዚያች አንድ ሰዓት ውስጥ አጭቆታል።

ድፍረቱ የሚታየው እራት ላይ ነው። አሊሰን ቀን ዓይኗ ያረፈበትን መልከ መልካም ሠራተኛ በሥራ ጉዳይ እንነጋገር ብላ ማታ ቤቷ ትጠራዋለች። እራቱ ሲያልቅ የሥራው ወሬ ይቀራል። ትራስ ወለሉ ላይ ይወረወራል፤ ደወል ይደወላል፤ አሳላፊው ቮድካ ይዞ ከተፍ ይላል። በማግስቱ ወጣቱ ፍቅሩን ሊገልጽ ቢሮዋ ሲገባ የሚጠብቀው አለቃው ብቻ ነው። አልሰማ ካለ ሞንትሪያል ወዳለው ቅርንጫፍ ይዛወራል። ይህ በሥልጣን መባለግ ነው፤ ዛሬም ያኔም። ነገር ግን ወንድ አለቃ በሴት ጸሐፊው ላይ ሲያደርገው እንደ ቀልድ ያልፍ የነበረውን ነገር ሴት ስታደርገው በማሳየቱ፣ ፊልሙ ተመልካቹን ቆም ብሎ እንዲያስብ አስገድዶታል። የፊልም ጽሑፉን ከጂን ማርኪ ጋር የጻፈችው ካትሪን ስኮላ የምትባል ሴት መሆኗም መረሳት የለበትም። ሁለቱ በዚያው ዓመት፣ ከባንክ ቤት በታችኛው ወንበር ጀምራ ወንዶችን እየተጠቀመች እስከ ላይ የምትወጣውን ሴት ታሪክ «ቤቢ ፌስ»ን ጽፈዋል።

የአሊሰን መኖሪያ ሆኖ ከውጭ የሚታየው ቤት እውነተኛ ነው። ፍራንክ ሎይድ ራይት የነደፈውና በ1924 ሎስ አንጀለስ ኮረብታ ላይ የተሠራው ኤኒስ ሀውስ፣ ከ27,000 በላይ ቅርጽ የወጣላቸው የሲሚንቶ ብሎኬቶች የተደረደሩበት፣ ከመኖሪያ ይልቅ የጥንት ማያዎችን ቤተ መቅደስ የሚመስል ግንብ ነው። ከግማሽ ምዕተ ዓመት በኋላ «ብሌድ ራነር» የተሰኘው ፊልምም ተጠቅሞበታል። ለአንዲት ሴት ብቻዋን እንዲህ ያለ ምሽግ መስጠት የዝግጅት ክፍሉ ጥሩ ፍርድ ነበር።

ቀረጻው ግን ሰላም አልነበረውም። ዊልያም ዲተርለ ጀምሮት ታመመ፤ ዊልያም ዌልማን ተረክቦ ጨረሰው። ከዚያ የስቱዲዮው ጌታ ጃክ ዋርነር አንዱን ተዋናይ ስላልወደደው የእሱ ክፍሎች በሌላ ሰው እንደገና ይቀረጹ አለ። ዌልማን ሌላ ሥራ ይዞ ስለነበር ማይክል ከርቲዝ ተጠራ፤ በማስታወቂያውም ላይ አዘጋጅ ተብሎ የተጻፈው የእሱ ስም ብቻ ሆነ። ከርቲዝ ኋላ «ካዛብላንካ»ን የሠራው ነው።

አሊሰንን የተጫወተችው ሩት ቻተርተን ስትሆን ወንዱን መሪ ገጸ ባሕርይ የተጫወተው በጊዜው የትዳር አጋሯ የነበረው ጆርጅ ብረንት ነው። ብረንት ጂም ቶርን የተባለ መሐንዲስ ሆኖ ይመጣል። አሊሰን አንድ ምሽት ማንነቷን ደብቃ ስትዝናና ዒላማ ተኩስ መጫወቻ ላይ ያገኛታል፤ በማግስቱ ፋብሪካው የቀጠረው አዲሱ መሐንዲስ እሱ ሆኖ ይገኛል። ቮድካውም ትራሱም አይበግሩትም፤ የተቀጠርኩት በመሐንዲስነት ነው ብሎ ይሄዳል። በመጨረሻ ልቡን አግኝታ የጋብቻ ጥያቄ ሲያቀርብላት ትስቃለች፤ ተቆጥቶ ጥሏት ይሄዳል። ከዚህ በኋላ ፊልሙ ይገለበጣል። ፋብሪካው ለኪሳራ ተቃርቧል፣ አሊሰን ኒውዮርክ ሄዳ ባንኮቹን ማነጋገር አለባት፤ እሷ ግን በእንባ ስብሰባውን ትታ መሐንዲሱን ፍለጋ በመኪና ትከንፋለች። ስታገኘው ፋብሪካውን አንተ ትመራዋለህ፣ እኔ ዘጠኝ ልጅ እወልዳለሁ ትለዋለች። አለቀ።

ይህን መጨረሻ ሳንሱር አስገድዶት ነው ብሎ ማለፍ ይቀላል፤ ግን አያስኬድም። የሆሊውድ የሥነ ምግባር ደንብ በ1930 ቢወጣም ጥርስ ያወጣው ጆሴፍ ብሪን ቁጥጥሩን በያዘበት በ1934 ነው። «ፊሜል» ከዚያ በፊት ስለወጣ የእራቱ ትዕይንቶች አልፈዋል። መጨረሻውን ለመረዳት ፊልሙ የወጣበትን ዘመን ማየት ይሻላል። በ1933 ከአሜሪካ ሠራተኞች ሩቡ ያህል ሥራ አጥ ነበር። ከአንድ ዓመት በፊት የወጣው የቁጠባ ሕግ በ213ኛው አንቀጹ፣ ሠራተኛ ሲቀነስ ባልና ሚስት ሁለቱም የመንግሥት ተቀጣሪ የሆኑ እንዲቀድሙ አዘዘ። ሕጉ ሴት የሚል ቃል አይጠቅስም፤ ሥራቸውን ያጡት ግን አብዛኞቹ ሚስቶች ነበሩ። ፍራንሲስ ፐርኪንስ በዚያው 1933 የሠራተኛ ጉዳይ ሚኒስትር ሆና የመጀመሪያዋ የአሜሪካ ሴት የካቢኔ አባል ብትሆንም፣ የሴት ደመወዝ ከወንድ አፍ የተነጠቀ እንጀራ ነው የሚለው ስሜት በየቤቱ ነበር። አሊሰን ወንበሯን ለባሏ ስትለቅ ፊልሙ የሚያባብለው ይህን ስሜት ነው።

ሴት ባለሀብት ባንክ ፊት መቆም አትችልም የሚለው ነገር ግን ሐሰት ነበር፤ የፊልሙ ተመልካቾችም ማስረጃው በገበያ ላይ ነበራቸው። የመዋቢያ ቅባት ነጋዴዋ ሄለና ሩቢንስታይን በ1928 የአሜሪካ ድርጅቷን ለሌማን ብራዘርስ ባንክ በ7.3 ሚሊዮን ዶላር ሸጠች። በዓመቱ ገበያው ሲወድቅ የአክሲዮኑ ዋጋም አብሮ ወረደ፤ እሷም ከሸጠችበት እጅግ ባነሰ ገንዘብ ድርጅቷን መልሳ ገዛች። «ፊሜል» ሲኒማ ቤት ሲገባ ይህ ተፈጽሞ አልቆ ነበር።

ቻተርተን ራሷም ለአሊሰን መጨረሻ የምትመች ሴት አልነበረችም። ሁለት ጊዜ ለኦስካር የታጨች፣ አውሮፕላን የምታበር፣ በኋላም ልብ ወለዶች የጻፈች ናት። ከብረንት ጋር ፊልሙ በወጣ ማግስት በ1934 ተፋቱ፤ ሁለት ዓመት ቆይታም በ«ዶድስወርዝ» ከምርጥ ሥራዎቿ አንዱን ሠራች።

ፊልሙን ማየት የሚፈልግ ሰው፣ በ2008 ከሌሎች የዘመኑ ፊልሞች ጋር በዲቪዲ ታትሟል። የመጀመሪያዎቹ ሃምሳ ደቂቃዎች ዛሬም አልደበዘዙም፤ የመጨረሻዎቹ አሥሩ ለእነሱ አይመጥኑም። ሩቢንስታይን በበኩሏ በ1965 እስካረፈችበት ጊዜ ድረስ ድርጅቷን ለማንም አላስረከበችም።