የማይሰማ ፊደል የሚጠብቀው ትርጓሜ

በጣና ባሕር ዳር ባለችው በዘጌ የኡራ ኪዳነ ምሕረት መቅደስ ግድግዳው ሁሉ ሥዕል ነው፤ ምእመናንም በሥዕሉ ፊት ቆመው ስእለታቸውን ያቀርባሉ። ሥዕልና ስእለት ለጆሮ የአንድ እናት ልጆች ይመስላሉ፤ በግእዝ ግን ዘራቸው ልዩ ልዩ ነው። ሥዕል በንጉሡ «ሠ» እና በዐይኑ «ዐ» ከሚጻፈው ከሠዐለ ይወጣል፤ መልክን በቀለም አበጀ ማለት ነው። ስእለት ግን በእሳቱ «ሰ» እና በአልፋው «አ» ከሚጻፈው ከሰአለ ይወጣል፤ ለመነ ማለት ነው። እንግዲህ እመቤታችንን «ሰአሊ» ብለን ስንማፀን ለምኚ ማለታችን ነው፤ ጸሓፊው ፊደሉን ቢለውጥ ግን ሥዕል ሣዪ ያሰኛል።

ይህ ነገር የእኛ ብቻ አይደለም። እንግሊዞች ሌሊትን «ናይት» ይላሉ፤ ባለማዕርጉን ፈረሰኛም እንዲሁ «ናይት» ይሉታል። ሲጽፉ ግን በፈረሰኛው ስም መጀመሪያ ዛሬ የማይነበብ የ«ክ» ፊደል ያኖራሉ። ጥንት ይነበብ ነበር፤ ድምፁ ሞተ፥ ፊደሉ ግን ትርጓሜን ሊለይ ቀረ። የዚህን ቋንቋ ቃላት ሰብስቦ የተረጐመው ሳሙኤል ጆንሰን፥ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1755 ከ40000 በላይ ቃላት ያሉበትን መዝገብ በለንደን አሳተመ፤ በየቃሉም ድምፅ የሚነሣበትን ስፍራ በምልክት አሳየ። የሚያስደንቀው ግን፥ ይህ ሰው በ1735 ያሳተመው የመጀመሪያ መጽሐፉ ፖርቱጋላዊው ኢየሱሳዊ ዬሮኒሞ ሎቦ ስለ ሀገራችን የጻፈው የጉዞ ታሪክ ትርጕም መሆኑ ነው።

በእኛ ዘንድ የቃል ትርጓሜ በሰዋስው ብራና፥ ድምፁም በመምህር አፍ ተጠብቆ ኖረ። ተነሽ፥ ወዳቂ፥ ሰያፍና ተጣይ የሚባሉት ንባቦች በጽሕፈት ምልክት የላቸውም፤ ደቀ መዝሙሩ ከመምህሩ እየሰማ ይይዛቸዋል። መምህር ክፍለ ጊዮርጊስ የጀመሩትን የግእዝ መዝገበ ቃላት ደቀ መዝሙራቸው አለቃ ኪዳነ ወልድ ክፍሌ አስፋፍተው ጻፉት። እርሳቸውም በ1936 ዓ.ም. ሲያርፉ አደራው ለአለቃ ደስታ ተክለ ወልድ ደረሰ፤ መጽሐፉም በ1948 ዓ.ም. ታተመ። ሦስት ሊቃውንት የደከሙበት ይህ ሥራ ሰአለንና ሠዐለን በየፊደላቸው ለይቶ አኑሯል።

ድምፃቸው አንድ የሆነ ፊደላት ይቀነሱ የሚል አሳብ ግን ተደጋግሞ ይነሣል። ለሕፃናት ትምህርትን ያቀልላል ይላሉ፤ ይህም ምክንያት የሚናቅ አይደለም። ነገር ግን ልጁ ዛሬ ከሚድነው ጥቂት ድካም ይልቅ ነገ የአበውን መጽሐፍ ገልጦ ልመናን ከሥዕል መለየት ሲያቅተው የሚደርስበት ጉዳት ይበልጣል። ስለዚህ ጆሮ የማይለየውን ዐይን እንዲለየው ለልጆቻችን በየፊደሉ እናስተምር።