የጸሐፍቱን ወረታ ማን ይክፈል? ከዕዝራ እስከ ፎገራ

«በቃል ያለ ይረሳል፣ በጽሑፍ ያለ ይወረሳል» ይባላል። ብሂሉ እውነት ነው፤ ግን ግማሽ እውነት ነው። በጽሑፍ ያለም ይጠፋል። ብራናውን አይጥና እርጥበት ይበሉታል፣ ቀለሙ ይለቃል፣ ዕቃ ቤቱ ይቃጠላል፣ ቋንቋውን የሚያነበው ሰው ያልቃል። የተጻፈ ነገር የሚወረሰው በየትውልዱ አንዱ ቁጭ ብሎ ሲቀዳው፣ ሌላው ደግሞ ምን ማለት እንደሆነ ሲያስረዳ ነው። የመጀመሪያው ጸሐፊ ይባላል፤ ሁለተኛው ሊቅ።

ለዚህ ከመጽሐፈ ሄኖክና ከመጽሐፈ ኩፋሌ የበለጠ ምስክር አይገኝም። ሁለቱም ከጥንት አይሁዳውያን እጅ የወጡ ናቸው። የሄኖክ አብዛኛው ክፍል በአራማይክ፣ ኩፋሌ በዕብራይስጥ ተጻፈ። ከዚያ ወደ ግሪክኛ፣ ከግሪክኛ ወደ ግዕዝ ተመለሱ። የአይሁድ ረቢዎች ከቅዱሳት መጻሕፍት ሳይቆጥሯቸው ቀሩ፤ የግሪክና የላቲን አብያተ ክርስቲያናትም ተዉአቸው። ዛሬ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ሙሉ ሆነው የሚገኙት በግዕዝ ብቻ ነው። ይህን ብዙ ኢትዮጵያዊ ያውቃል፤ ይኮራበታልም። እነማን እንዳቆዩትና እንዴት እንዳቆዩት ግን ጠያቂው ጥቂት ነው።

▪️ ጸሐፊ ማን ነበር?

በጥንት እስራኤል ጸሐፊ መጀመሪያ የቤተ መንግሥት ሰው ነው። የመጽሐፈ ምሳሌ የኋለኛው ክፍል፣ የይሁዳ ንጉሥ የሕዝቅያስ ሰዎች የሰሎሞንን ምሳሌዎች እንደቀዱ ይናገራል። በኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን አቆጣጠር ይህ ክፍል «መጽሐፈ ተግሣጽ» ተብሎ ራሱን የቻለ መጽሐፍ ነው። ማለትም ከ81ዱ መጻሕፍት አንዱ የሚጀምረው የቀጂዎችን ሥራ በመጥቀስ ነው። ባሮክም የኤርምያስን ትንቢት ከአፉ እየሰማ ጻፈ። ንጉሥ ኢዮአቄም ጥቅልሉን በቢላ እየቀደደ እሳት ውስጥ ሲጥለው፣ ባሮክ እንደገና ተቀምጦ ጻፈው። የሁለተኛው ጽሑፍ ከመጀመሪያው በለጠ እንጂ አላነሰም።

ከባቢሎን ምርኮ በኋላ ዕዝራ መጣ። ካህንም ጸሐፊም ነው። በኢየሩሳሌም በእንጨት መድረክ ላይ ቆሞ ሕጉን ሲያነብ፣ ሌዋውያኑ ለሕዝቡ ትርጉሙን ያስረዱ ነበር። ጸሐፊና ሊቅ በአንድ አደባባይ ሥራ የተካፈሉት እዚያ ነው። ሕዝቡ በአራማይክ መናገር ከጀመረ በኋላ ደግሞ የዕብራይስጡን ንባብ በአራማይክ የሚያፈታ «ተርጉም» የሚባል ሥነ ጽሑፍ አደገ። ቃሉ «ትርጓሜ» ከሚለው ጋር ሥሩ አንድ ነው።

ሮማውያን እ.ኤ.አ. በ70 ቤተ መቅደሱን ካፈረሱ በኋላ የተጻፈው ዕዝራ ሱቱኤል፣ የጸሐፊን ነገር ወደ ላቀ ደረጃ ይወስደዋል። በትረካው ሕጉ ተቃጥሏል። ዕዝራ አምስት ፈጣን ጸሐፍት ይዞ በ40 ቀን 94 መጻሕፍትን አስጻፈ፤ 24ቱ ለሁሉም እንዲነበቡ፣ 70ዎቹ ለጠቢባን ብቻ እንዲሰጡ ታዘዘ። መቅደስ የሌለው ሕዝብ ተስፋውን ከአምስት ብዕር ላይ ጣለ ማለት ነው።

▪️ ስለ በሬ የሚያወራ ሰው

ከክርስቶስ ልደት በፊት በሁለተኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ በኢየሩሳሌም የነበረው ጠቢቡ ሲራክ ሌላ ነገር ይጨምራል። ጥበብ ፋታ ትፈልጋለች ይላል። ሞፈር የጨበጠ፣ በሬ የሚነዳ፣ ወሬው ሁሉ ስለ ከብት የሆነ ሰው እንዴት ይጠበባል ብሎ ይጠይቃል። አንጥረኛውንና ሸክላ ሠሪውንም ያነሣል። ያለ እነሱ ከተማ እንደማይቆም ያምናል፤ በጉባኤ ወንበር ግን አያስቀምጣቸውም።

ይህን ክፍል ፎገራ ላይ ቢያነቡት መከራከሪያ ይነሣበታል። ፎገራ ከጣና በስተምሥራቅ የተዘረጋ፣ ርብና ጉማራ የሚያጠጡት ሜዳ ነው። ወሬው በእርግጥም ስለ በሬ ነው፤ የፎገራ ከብት በስሙ የታወቀ ዝርያ ነው፤ በቅርብ አሥርተ ዓመታት ደግሞ ሩዝ ተጨምሮበታል። በዚህ አገር ግን መቅደስ የሚያገለግለው ካህን ራሱ በሬ ጠምዶ የሚያርስ ነው። ሲራክ የለያቸው ሁለት ሰዎች እዚህ አንድ ቤት ያድራሉ። የፋታው ችግር ግን አልቀረም፤ የተፈታው ተማሪውን መንደሩ እንዲያበላው በማድረግ ነው። የቆሎ ተማሪ ለምድ ለብሶ፣ አኩፋዳ አንግቦ ከደጅ ደጅ ሲለምን የኖረው ለዚህ ነበር። የአራሹ እንጀራ የጸሐፊው ደመወዝ ሆነ።

መንገዱም የሚያልፈው በዚሁ ነው። ከወረታ ወደ ሰሜን ጎንደር፣ ወደ ደቡብ ባሕር ዳርና ጎጃም፣ ወደ ምሥራቅ ደብረ ታቦርና ጋይንት ይኬዳል። ቅኔ ጎጃም ላይ ተምሮ አቋቋምና ትርጓሜ ለማወቅ ጎንደር የሚወጣ፣ ድጓ ለማስመስከር ቤተልሔም የሚወርድ፣ ዝማሬ መዋሥዕት ፍለጋ ዙር አባ የሚሄድ ተማሪ የጣናን ምሥራቃዊ ዳር ሲረግጥ ኖሯል።

▪️ ዘጠኝ መቶ ዓመት የማይታዩ እጆች

የመጽሐፍ ቅዱስ መጻሕፍት ወደ ግዕዝ የተመለሱት በአክሱም ዘመን፣ ከ4ኛው እስከ 6ኛው ክፍለ ዘመን ባለው ጊዜ እንደሆነ ይታመናል። ዛሬ በእጅ ያሉት የሄኖክ ብራናዎች ግን ቢቀድሙ ከ15ኛው ክፍለ ዘመን አካባቢ ናቸው። ከእነዚህ አንዱ በጣና ክብራን ገብርኤል ገዳም የሚገኘው ነው፤ ጀርመናዊው ምሁር ኤርንስት ሐመርሽሚት እ.ኤ.አ. በ1973 ባሳተሙት የጣና ብራናዎች ዝርዝር መዝግበውታል።

በትርጉሙና በቀዳሚው ብራና መካከል ወደ 900 ዓመት አለ። በዚያ ሁሉ ዘመን የተቀዱት ቅጂዎች አልቀዋል፤ ቃሉ ግን ደርሷል። አንዱ ቅጂ ሳያልቅ ሌላው ተጽፏል ማለት ነው። ፍየል ታርዶ፣ ቆዳው ተዘፍዝፎ፣ ተወጥሮ፣ ተፍቆ፣ በመቃ ብዕር ጥቁርና ቀይ ቀለም እየተጠቀሰ፣ ከገበታ ገብቶ በቆዳ ተለብዶ። የእነዚህን ሰዎች ስም ማንም አያውቅም።

ቅጂው ምን ያህል የታመነ እንደነበር የታወቀው ደግሞ ከሩቅ በመጣ ምስክር ነው። እ.ኤ.አ. ከ1947 ጀምሮ በሙት ባሕር ዳር በኩምራን ዋሻዎች የዕብራይስጥና የአራማይክ ጥቅልሎች ተገኙ። የሄኖክም የኩፋሌም ቅጂዎች ከ10 በላይ ነበሩ፤ ሁሉም ግን ቁርጥራጭ። ጆዜፍ ሚሊክ እ.ኤ.አ. በ1976 የሄኖክን የአራማይክ ቁርጥራጮች አሳተሙ። ጄምስ ቫንደርካም ደግሞ ኩፋሌን ከዕብራይስጡ ጋር አስተያይተው፣ ግዕዙ ሁለት ቋንቋ ተሻግሮም ለመነሻው እጅግ የቀረበ መሆኑን አሳዩ።

እዚህ ላይ ሁለቱን ዕጣዎች ማነጻጸር ይገባል። የኩምራን ጸሐፍት ማኅበር በሮማውያን ጦርነት ተበተነ፤ ጥቅልሎቹ ዋሻ ውስጥ ሳይቀዱ ቀሩ፤ ከ2000 ዓመት በኋላ የተገኙት ብጥስጣሽ ሆነው ነው። የግዕዙ መጽሐፍ ዋሻ አልገባም። ከእጅ ወደ እጅ ሲዞር፣ ሲነበብ፣ ሲያረጅ፣ ሲቀዳ ኖረ፤ ሙሉውን ደረሰ። መጽሐፍን ያዳነው መደበቁ ሳይሆን መሥራቱ ነው።

የሄኖክ መጽሐፍ ራሱ ይህን ያሰበበት ይመስላል። ሄኖክን «ጸሐፌ ጽድቅ» ብሎ ይጠራዋል፤ ኩፋሌም ከሰው ልጆች መጻፍን አስቀድሞ የተማረ እሱ ነው ይላል። ነገር ግን ያው መጽሐፈ ሄኖክ፣ ቀለምና ወረቀትን ለሰው ያስተማረው ከሳቱት መላእክት አንዱ እንደሆነና ብዙዎች በዚያ እንደተሳሳቱ ይተርካል። በመጨረሻው ክፍል ደግሞ ኃጢአተኞች ቃሉን እንደሚያጣምሙ አስጠንቅቆ፣ ሌሎች በየቋንቋቸው ሳይቀይሩና ሳይቀንሱ እንዲጽፉት ይመኛል። ብዕር ያድናል፤ ብዕር ያስታል። ልዩነቱ ያለው ከጨበጠው ሰው ዘንድ ነው።

▪️ «አንድም»

መቅዳት ብቻውን ግን አይበቃም። የማይገባ መጽሐፍ ማንም ደክሞ አይቀዳውም። የኢትዮጵያ ሊቃውንት ያቆሙት ሁለተኛው ምሰሶ ትርጓሜ ነው። ብሉይ፣ ሐዲስ፣ ሊቃውንት፣ መነኮሳት ተብለው የተከፈሉ አራት ጉባኤያት አሉ፤ አራቱንም የዘለቀ ሰው «አራት ዓይና» ይባላል። ንባቡ በግዕዝ፣ ፍቺው በአማርኛ ነው። መምህሩ አንዱን ፍቺ ከሰጠ በኋላ «አንድም» ብሎ ሌላውን ይጨምራል። የአይሁድ ረቢዎችም በሚድራሽ መጻሕፍታቸው አንዱን ፍቺ ሲጨርሱ «ዳቫር አኼር»፣ ማለትም «ሌላ ነገር» ብለው ሁለተኛውን ይቀጥላሉ። ሁለቱም ጥንታዊ ቃል በአንድ ትውልድ ፍቺ እንደማያልቅ ያምናሉ።

በ18ኛው ክፍለ ዘመን በጎንደር የነበሩት መምህር ኤስድሮስ ይህን ትምህርት ያደራጁ ሰው ናቸው፤ «ላይ ቤት» እና «ታች ቤት» የሚባለው የትርጓሜ ክፍልም ከእሳቸው ጋር ይያያዛል። ስማቸው ራሱ የዕዝራን የግሪክ አጠራር ያስታውሳል።

በዚሁ በጎንደር ዙሪያ፣ ወለቃን በመሳሰሉ መንደሮች፣ ቤተ እስራኤላውያን ኦሪታቸውን ሲያነቡ የኖሩት በግዕዝ ነው። ታልሙድ አልደረሳቸውም፤ ኩፋሌንና ትእዛዘ ሰንበትን ግን በካህናታቸው እጅ ጠብቀዋል። ከመጻሕፍቶቻቸው መካከል በክርስቲያን ጸሐፍት እጅ የተቀዱ አሉ። በሃይማኖት የተለያዩ ጎረቤታሞች በአንድ ብራና ጥበብ ተገናኝተዋል።

▪️ መጽሐፉ ሲሄድ

የስኮትላንዱ ጄምስ ብሩስ እ.ኤ.አ. በ1770 ጎንደር ገባ፤ በእንፍራንዝ አድርጎ የጣናን ምሥራቃዊ ዳር ይዞም እስከ ጢስ ዓባይ ወረደ። ሲመለስ ሦስት የሄኖክ ቅጂዎች ይዞ ነበር፤ አንዱን በ1773 ለፈረንሳይ ንጉሥ ቤተ መጻሕፍት ሰጠ። ዐፄ ቴዎድሮስ ደግሞ ከጎንደር አብያተ ክርስቲያናት የሰበሰቧቸው መጻሕፍት በደብረ ታቦር አልፈው መቅደላ ደረሱ፤ በ1868 የእንግሊዝ ጦር ወደ 350 የሚሆኑትን ለንደን አስገባ። ሮበርት ሄንሪ ቻርልስ ሄኖክንና ኩፋሌን ሲያሳትሙ ከተጠቀሙባቸው መካከል ከመቅደላ የሄደው ብራና አለበት። በዓለም የጥናት መጻሕፍት የብሩስ፣ የዲልማንና የቻርልስ ስም ይጠራል፤ ይገባቸዋልም። የቀጂዎቹ ስም ግን የለም።

ያም ሆኖ መጻሕፍቱ ሲዘረፉ ሥራው አልጠፋም ነበር። ቀጂውና መምህሩ እዚሁ ስለነበሩ፣ እንደ ባሮክ እንደገና ተጻፈ። የዛሬው አደጋ ከዚያ ይለያል። ብራናው ቢቀርም ቀጂው እያለቀ ነው። መንደሩ የቆሎ ተማሪ ማብላት እየተወ ነው፤ ማተሚያ ቤት የጸሐፊውን ገበያ ወስዶበታል፤ ከ2015 ዓ.ም. ማብቂያ ጀምሮ በአማራ ክልል የቀጠለው ግጭት ደግሞ መንገድ ዘግቷል። በእግሩ ከጉባኤ ጉባኤ የሚዞር ተማሪ መንገድ ሲዘጋበት ትምህርቱም ይዘጋል።

ፎቶ ማንሣት ይጠቅማል። እ.ኤ.አ. ከ1973 ጀምሮ በማይክሮፊልም የተነሡት በሺዎች የሚቆጠሩ ብራናዎች ብዙ አድነዋል። ፊልም ግን «አንድም» አይልም። ቅርስን ያለ ፈቃድ ከአገር ማውጣትን የሚከለክለው አዋጅ ቁጥር 209/1992ም ብራናውን እንጂ አንባቢውን አይጠብቅም።

ስለዚህ በሄኖክ መኩራት ለሚፈልግ ሁሉ ሥራው ግልጽ ነው። የአብነት ተማሪ የሚበላበት ድጎማ፣ ለብራና ጸሐፊ የሚከፈል ሙያዊ ዋጋ፣ ግዕዝ በመደበኛ ትምህርት ቤት፣ በየደብሩ ያሉ መጻሕፍት ቆጠራ፣ ለተማሪ ሰላማዊ መንገድ። ይህ ለቤተ ክህነት ብቻ የሚተው አይደለም፤ መጻሕፍቱ የሰው ልጅ ሁሉ ናቸው፣ ያዳኗቸው ግን የአንድ አካባቢ ገበሬዎችና ተማሪዎቻቸው ናቸው። የእነዚያ ስም የለሽ እጆች ወረታ የሚከፈለው በሐውልት ወይም በበዓል ሳይሆን፣ የሚቀጥለውን ቅጂ የሚጽፍና የሚያስረዳ ሰው በማቆየት ነው።