«ተጨማሪ 14 ቀን ይፈቀድልን»

የጊዜ ቀጠሮ ችሎት የተከታተለ ሰው ንግግሩን በቃሉ ያውቀዋል። መርማሪ ፖሊስ ይነሳና «ቃላቸውን ያልሰጡ ምስክሮች ይቀሩናል፣ ከሚመለከተው መሥሪያ ቤት ማስረጃ እየጠበቅን ነው፣ ተጨማሪ 14 ቀን ይፈቀድልን» ይላል። ጠበቃው «ባለፈው ቀጠሮም ያሉት ይህንኑ ነው» ብሎ ይቃወማል። ዳኛው ይፈቅዳል፤ አንዳንዴ ቀኑን ቀነስ አድርጎ። ተጠርጣሪው ወደ ጣቢያ ይመለሳል።

ይህች 14 ቀን ከየት መጣች? ከ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ፣ ቁጥር 59። ረቂቁን የጀመሩት ስዊዛዊው ዣን ግራቨን ቢሆኑም የመጨረሻ መልኩን የሰጡት የማሌያ ዋና ዳኛ የነበሩት እንግሊዛዊው ሰር ቻርልስ ማቲው ናቸው። በሕጋችን ውስጥ የሕንድና የማሌያ ሕጎች ጠረን ያለው ለዚህ ነው። የ1898ቱ የሕንድ ሕግ፣ ያውም የቅኝ ገዢ ሕግ፣ ምርመራ ላይ ያለ ሰው በዚህ ዓይነት ትእዛዝ የሚቆየው በጠቅላላው ከ15 ቀን እንዳይበልጥ ይላል። የእኛው ደግሞ በእያንዳንዱ ቀጠሮ ከ14 ቀን እንዳይበልጥ ይላል። ስንት ቀጠሮ? ሕጉ ዝም ነው። «በጠቅላላው» እና «በእያንዳንዱ»፤ ልዩነቱ አንዲት ቃል ናት፣ ብዙ ሰው ግን ወራት ከፍሎባታል።

ፖሊስ በምርመራው መሐል ዳኛ ምን አገባው የሚሉ አሉ። መከራከሪያቸው ባዶ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1944 ከላሆር በመጣ ይግባኝ ላይ የለንደኑ የዘውድ ምክር ቤት የዳኝነት ኮሚቴ ይህንኑ ወስኗል፦ መመርመር የፖሊስ ሥራ ነው፣ የፍርድ ቤት ሥራ የሚጀምረው ክስ ሲቀርብ ነው። ብዙዎች የሚጠቅሱት እስከዚህ ድረስ ነው። ውሳኔው ግን አካልን ነፃ የማውጣት አቤቱታ ሲቀርብ ፍርድ ቤት ጣልቃ የመግባት ሥልጣኑን ለይቶ አስቀርቶለታል። ማን ይጠየቅ፣ የት ይፈተሽ የሚለው የመርማሪው ነው። ሰውየው እስከዚያ የት ይደር የሚለው ግን የዳኛ ነው።

የ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 19(4) ይህን ይበልጥ አጥብቆታል። ተጨማሪ ጊዜ የሚሰጠው ለምርመራው የግድ አስፈላጊ በሆነ መጠን ብቻ ነው፤ ምርመራው የታሰረውን ሰው አፋጣኝ ፍርድ የማግኘት መብት አክብሮ መካሄዱን የማረጋገጥ ግዴታም በፍርድ ቤቱ ላይ ተጥሏል። ስለዚህ ዳኛው «ባለፉት 14 ቀናት ምን ሠራችሁ?» ብሎ መዝገቡን ቢያስገልጥ የፖሊስን ሥራ ነጠቀ አይባልም፣ የራሱን ሥራ ሠራ እንጂ። የሚገርመው፣ በቀጠሮው ላይ ጣሪያ ያስቀመጠው ያ ብዙ የተወቀሰው የ2001ዱ የፀረ ሽብር አዋጅ ነው። አንዱን ቀጠሮ ቢያንስ 28 ቀን አደረገው፣ ጠቅላላውን ግን በአራት ወር ገደበው። በቁጥር 59 የሚመረመር የስልክ ሌባ ይህ እንኳ የለውም።

ጣልቃ የገባ ዳኛስ ምን ይገጥመዋል? በ1993 ዓ.ም የቀድሞው የመከላከያ ሚኒስትር አቶ ስዬ አብርሃ በሙስና ተጠርጥረው ታስረው ነበር። ዳኛ ብርቱካን ሚደቅሳ በዋስ እንዲወጡ አዘዙ። አቶ ስዬ ከፍርድ ቤቱ ሳይርቁ እንደገና ተያዙ፤ ምክር ቤቱም ብዙም ሳይቆይ በሙስና የተጠረጠረን ሰው ዋስትና የሚከለክል ማሻሻያ አጸደቀ፣ አዋጅ ቁጥር 239። አቶ ስዬ ከእስር የወጡት በ1999 ዓ.ም ነው።