ይግባኝ ያላለው ጄኔራል

እኛ ዛሬ ደብተር ይዘን የምንመላለስበት የስድስት ኪሎ ግቢ ዩኒቨርሲቲ ከመሆኑ በፊት የገነተ ልዑል ቤተ መንግሥት ነበር። በታኅሣሥ 1953 ዓ.ም. በአረንጓዴው ሳሎን ታግተው የነበሩ መኳንንትና ሹማምንት የተረሸኑት እዚሁ ነው። ራስ አበበ አረጋይ፣ ራስ ሥዩም መንገሻና አቶ መኮንን ሀብተ ወልድ ከሟቾቹ መካከል ነበሩ። ስለ ጄኔራል መንግሥቱ ንዋይ የመጨረሻ ቀኖች ስንጽፍ ከዚህ ደም መነሣት አለብን። ሰማዕት ነው ብሎ ማለፍማ ቀላል ነው።

የክብር ዘበኛው አዛዥ መንግሥቱ ታኅሣሥ 4 ቀን፣ ንጉሡ ብራዚል ሳሉ፣ ከታናሽ ወንድሙ ከገርማሜ ጋር ሆኖ መንግሥት ሊገለብጥ ተነሣ። የኮሌጁ ተማሪዎችም ደግፈው ሰልፍ ወጡ። ዳሩ ግን ምድር ጦርና አየር ኃይል ከዙፋኑ ጎን ስለ ቆሙ ነገሩ በጥቂት ቀን አለቀ። ታኅሣሥ 15 ቀን ወንድማማቾቹ ተከበቡ። ገርማሜ ሞተ፤ መንግሥቱ ፊቱ ላይ ቆስሎ ተያዘ። የወንድሙ ሬሳ አዲስ አበባ መጥቶ ለሕዝብ መታያ ተሰቀለ።

መንግሥቱን ግን አከሙት። ልብ በሉ፤ ቁስሉ እንዲድን የተፈለገው ፍርድ ቤት እንዲቆም ነው። መጋቢት 19 ቀን በስቅላት እንዲቀጣ ተፈረደበት። ይግባኝ ማለት ይችል ነበር፤ አልልም አለ። ለምን? እኔ እንደሚመስለኝ የዚያን ጊዜ ይግባኝ መጨረሻው የንጉሡ ችሎት ነው። ሊገለብጠው የተነሣበትን ዙፋን ተመልሶ «ማረኝ» ማለት ደግሞ የተነሣበትን ነገር ራሱ እንደ መካድ ነበር። በሁለተኛው ቀን፣ መጋቢት 21 ቀን 1953 ዓ.ም. በአደባባይ ተሰቀለ።

ይኼ ቆራጥነት ነው፤ ማንም አይክደውም። ነገር ግን እሱ ዳኛ ፊት ቆሞ ተናግሯል፤ ይግባኝ እምቢ ለማለትም ጊዜ አግኝቷል። በሳሎኑ የተረሸኑት ይህን አላገኙም። ኅዳር 14 ቀን 1967 ዓ.ም. ደርግ ያለ ፍርድ የረሸናቸው ስድሳዎቹም አላገኙም። ንጉሡን የጣለው ደርግ ከታኅሣሡ ሙከራ የወረሰው ነገር ቢኖር መትረየሱን ይመስላል፤ ሕዝቡ ይጠብቀው የነበረውን ለውጥ አይደለም።

መቼም ጀግና ማንሣት እንወዳለን። እናንሣው እንጂ! ግን በግቢያችን ስናልፍ ገመዱን ያስታወስን ሰዎች ሳሎኑንም እናስታውስ።