የወሎ ባላገርና የፊልም መሣሪያ

የጥንቱ ዜና መዋዕል ጸሓፊ የነገሥታቱን ዘመቻና ግብር እየመዘገበ ለትውልድ ሲያቆይ፣ የባላገሩ የዕለት ድካም ግን ከብራናው ውጭ ቀርቶ ስለ ኖረ፣ የፊልም መሣሪያ ወደ አገራችን በገባ ጊዜ ይህ ጉድለት ይሞላል ተብሎ ተስፋ ሊደረግ ይገባ ነበር። ወሎን ለዓለም ያሳየው ካሜራ ግን መከራን ተከትሎ የመጣው ነው። የእንግሊዛዊው ጋዜጠኛ የጆናታን ዲምብልቢ «ያልታወቀው ረሃብ» ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. በብሪታንያ ቴሌቪዥን ታየ፤ ይኸው ሥዕል ከቤተ መንግሥቱ ግብር ጋር እየተፈራረቀ መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ለኢትዮጵያውያን በቀረበ በማግሥቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ወረዱ። በጥቅምት 1977 ዓ.ም. ደግሞ ጋዜጠኞቹ መሐመድ አሚንና ማይክል በርክ በዚያን ጊዜ የወሎ የነበረችውን የኮረምን የረሃብ እልቂት አሳዩ። ብዙ ነፍስ ያተረፉ ሥራዎች ናቸውና ምስጋና ይገባቸዋል፤ ነገር ግን ወሎዬው በባዕድ ኅሊና እጁን ለምጽዋት እንደ ዘረጋ ቀረ።

ሌላውን መንገድ ያሳየን የጎንደሩ ተወላጅ፣ የጸሐፌ ተውኔቱ የገሪማ ታፈረ ልጅ ኃይሌ ገሪማ ነው። በ1966 ዓ.ም. ክረምት፣ አብዮቱ በሚፋፋምበት ወራት፣ ከአሜሪካ ትምህርቱ መጥቶ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን በጥቁርና ነጭ ፊልም፣ ተዋናይነት ሙያቸው ባልሆነ ሰዎች፣ በሁለት ሳምንት ያህል ቀረጸ። ታሪኩ ልብ ወለድ ነው፤ ዓይኑ ግን የታዛቢ ዓይን ነው፤ ጎሕ ሲቀድ የሚነሣውን የጭሰኛ ቤተ ሰብ፣ ጥማዱን፣ ከብት ጥበቃውን ሳይቸኩል ስለሚከተል፣ ሁለት ሰዓት ተኩል የተቀመጠ ተመልካች የድካሙን ርዝመት በገዛ ትዕግሥቱ ይለካዋል። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት አዋጅ ጭሰኝነትን ሲሽር፣ ያ ሥርዐት በመጨረሻ ወራቱ በፊልም ተይዞ ነበር።

ከደሴ በስተሰሜን ምዕራብ ያለችው ኩታበርም እንዲህ ያለ ዓይን ይገባታል። የደጋው ገበሬ በአንድ እጁ እርፉን፣ በሌላው ጅራፉን ይዞ በሬዎቹን በየስማቸው እየጠራ ሲያርስ፣ ማረሻው ድንጋይ ሲነካ ክንዱን አቅልሎ ያሳልፈዋል፣ ወዲያው መልሶ ይጫነዋል፤ ይህን የክንድ ጥበብ የትኛውም የረሃብ ዜና አላሳየንም። ማታም እስላምና ክርስቲያኑ ጎረቤት በአንድ ረከቦት ዙሪያ ተቀምጦ ከአቦል እስከ በረካ ይጠጣል፤ ሽማግሌው ሲመርቅ ሁሉም «አሚን» ይላል። ወጣቱ ወደ ዐረብ አገር በሚጐርፍበት በዚህ ዘመን፣ ካሜራ ይዞ ወደ ኩታበር የሚወጣ የአገር ልጅ ከመኸር እስከ በልግ ሰንብቶ ቢቀርጽ እወዳለሁ።