ካሜራ የደረሰበትና ያልደረሰበት

መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን በወሎ ረሃብ ላይ የተሠራ ፊልም አሳየ። በማግሥቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን ወረዱ። ስለ አብዮቱ በተጻፉ መጻሕፍት ይህ ምሽት ደጋግሞ ይወሳል፤ ፊልሙ የማን ድርሰት እንደ ነበር ግን እምብዛም አይጠየቅም። ብራና ሲገለበጥ ገልባጩ ምን እንደ ጨመረና ምን እንዳስቀረ መመርመር ልማዳችን ስለ ሆነ ጥያቄው ለሥነ ጽሑፍ ሰው እንግዳ አይደለም።

የመጀመሪያውን ፊልም እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ «ያልታወቀው ረሃብ» በሚል ርእስ ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. በአገሩ ቴሌቪዥን አቅርቦት ነበር። ርእሱ ያከራክራል። በ1965 ዓ.ም. የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ መምህራን ወሎ ሄደው ያነሷቸው ፎቶግራፎች በግቢው ታይተው፣ ተማሪውም በዚሁ ምክንያት ተነሥቶ ነበር። ረሃቡ ያልታወቀው ለንደን ላይ እንጂ ስድስት ኪሎ አልነበረም። ያም ሆኖ የባዕዱ ካሜራ የአገሬው ፎቶግራፍ ያላገኘውን ጆሮ አገኘ። ፊልሙ ተመልካቹን ለእርዳታ ያነሣሣ ነበር እንጂ ዙፋኑን በቀጥታ አይከስም፤ ገንዘብ ተዋጣ፣ የእርዳታ ድርጅቶችም መጡ።

ክሱን የጨመረው ደርግ ነው። የረሃብተኞቹን ምስል ከቤተ መንግሥት ግብዣና ንጉሡ ለውሾቻቸው ሥጋ ሲያበሉ ከሚያሳይ ምስል ጋር እያፈራረቀ ቀጠለው። እያንዳንዱ ምስል እውነት ነው፤ ወርቁ የሚገኘው ግን ሁለቱ ሰሞች ሲጋጠሙ ነው። ክሱን ሐሰት ማለቴ አይደለም፤ ረሃቡ በእርግጥ ተደብቆ ነበር። ይሁንና በመስከረም 1977 ዓ.ም. ደርግ ራሱ 10ኛ ዓመቱን በታላቅ ድግስ ሲያከብር ሰሜኑ በረሃብ ያልቅ ነበር። ጥቅምት 13 ቀን ቢቢሲ መሐመድ አሚን ኮረም ላይ ያነሣውን ፊልም በማይክል ቡርክ ዘገባ አሳየ። ዓለም ስንዴ ላከ፤ ጦርነቱና የግዳጅ ሰፈራው ግን ከምስሉ ውጭ ቀሩ። ሰፈራውን በይፋ የነቀፉት ፈረንሳውያን ድንበር የለሽ ሐኪሞች በ1978 ዓ.ም. ከአገር ተባረሩ።

ካሜራ ያልደረሰበትንስ በምን እናውቀዋለን? በ1960 ዓ.ም. አዲሱን የእርሻ ገቢ ግብር የጎጃም ገበሬ «ርስቴን ሊነቅል የመጣ ነው» ብሎ አልቀበልም አለ። ሞጣና ብቸና የአመፁ ዋና ስፍራዎች ነበሩ። መንግሥት ጦር አዘመተ፤ መንደሮች በአውሮፕላን ተደበደቡ። በመጨረሻ አገረ ገዥው ደጃዝማች ፀሐዩ እንቁ ሥላሴ ተነሡ፣ ግብሩም ቀረ። የውጭው ዓለም እጅ በዚህ ታሪክ ከታየ በመሣሪያው በኩል ነው፤ አየር ኃይሉ በአብዛኛው የታጠቀው በአሜሪካ እርዳታ ነበር። በወሎው ዓይነት የዓለምን ዓይን የሳበ ፊልም ግን አልተሠራለትም።

የቀረን የባለሥልጣን ደብዳቤና የሕዝብ ቃል ነው። ደብዳቤውን የታሪክ ባልደረቦቻችን መርምረውታል፤ ቃሉ የእኛ ድርሻ ነበር። ሁለቱን አውራጃዎች ለሚያጠና ሰው መርጡለ ማርያም ጥሩ መነሻ ትሆናለች፤ ቅኔ በተዘረፈበት አገር ፉከራውም ሙሾውም መልእክት መሸሸጉን የለመደ ነው። ቃል ግን እንደ ፊልም ተቆርጦ አይቀጠልም ማለት የዋህነት ነው፤ አልቃሿም አዝማሪውም ይመርጣሉ። ስለዚህ የአንዱን ሰው ግጥም ከሌላው መንደር ግጥም፣ ሁለቱንም ከደብዳቤው ጋር ማመሳከር ያስፈልጋል። ያን ጊዜ የ20 ዓመት ጎረምሳ የነበረ ዛሬ ወደ 80 እየተጠጋ ነው።